«ተነሱ አላሉንም»

መጽሐፉን ያዋሰኝ አንድ ባልደረባዬ ነው። ያገለገለ ቅጂ ነው፤ ጠርዙ ተልጧል። ከእኔ በፊት ያነበበው ሰው በእርሳስ እያሰመረ መጥቶ መሀል ላይ አቁሟል። ለምን እንዳቆመ አሁን ይገባኛል። መጽሐፉ ከ500 ገጽ በላይ ነው። የሚያወራው ደግሞ ሰው ሰውን እንዴት እንደሚያድንና እንዴት እንደሚያጠፋ ነው። እኔም ለመጨረስ አራት ወር ፈጅቶብኛል። ጨርሼ ግን አልመለስኩትም። ባልደረባዬን ለምኜ ለራሴ አስቀረሁት።

ርዕሱን ወደ አማርኛ ስመልሰው «የመልካምነትና የክፋት ሥነ ልቦና» ይሆናል። ያነበብኩት በእንግሊዝኛ ነው። ያሳተመው ካምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ ፕሬስ ነው፣ እ.ኤ.አ. በ2003። ጸሐፊው ኤርቪን ስታውብ ናቸው፤ በአሜሪካ፣ በማሳቹሴትስ ዩኒቨርሲቲ አምኸርስት ለብዙ ዓመታት ያስተማሩ የሥነ ልቦና ምሁር። መጽሐፉ በአንድ ትንፋሽ የተጻፈ አይደለም። በረጅም የሥራ ዘመናቸው የጻፏቸው ጥናቶችና መጣጥፎች፣ አዳዲስ ጽሑፎች ተጨምረውባቸው፣ አንድ ላይ የተሰበሰቡበት ነው። የአንድ ሰው የዕድሜ ልክ ሥራ በአንድ ጥራዝ ማለት ይቻላል።

እኔ መምህርት ነኝ። የማስተምረው ከአሥር እስከ አሥራ ሁለት ዓመት ያሉ ልጆችን ነው። ይህን የምናገረው ያለምክንያት አይደለም። መጽሐፉን በዚያ ዓይን ነው ያነበብኩት።

መጀመሪያ ስለ ሰውየው። ስታውብ የተወለዱት በ1938 በሃንጋሪ ነው፤ ከአይሁድ ቤተሰብ። በ1944 የጸደይ ወራት የናዚ ጀርመን ጦር ሃንጋሪ ገባ። ከግንቦት አጋማሽ እስከ ሐምሌ መጀመሪያ ባሉት ሳምንታት ብቻ ከ430 ሺህ በላይ አይሁዶች በባቡር ተጭነው ወጡ፤ አብዛኞቹ አውሽዊትዝ ወደሚባለው የናዚዎች የሞት ካምፕ። ስታውብ በዚያ ዓመት የስድስት ዓመት ልጅ ነበሩ። ቡዳፔስት ውስጥ ራውል ዋለንበርግ የሚባል የስዊድን ዲፕሎማት የመከላከያ ወረቀት ያድል ነበር። ወረቀቱ የያዘው ሰው በስዊድን ጥበቃ ሥር ነው ይላል። በሕግ ሚዛን ቢታይ ብዙም የማይቆም ወረቀት ነው። ግን ሰው አዳነ። የስታውብ ቤተሰብም እንዲህ ያለ ወረቀት አግኝቶ በስዊድን ጥበቃ ሥር ባለ ቤት ተጠለለ።

እኔን የያዘኝ ግን ሌላ ሰው ነው። ማሪያ ጎጋን የሚባሉ ክርስቲያን ሴት ናቸው። ለቤተሰቡ ይሠሩ ነበር። ቤተሰቡ ሲጨንቀው ትተውት አልሄዱም። በዚያ ቤት ለተጠለሉት ዳቦ ያመጡ ነበር። ልጆቹንም ለተወሰነ ጊዜ ወስደው ሌላ ክርስቲያን ቤት ደብቀዋቸዋል። አንድ ጊዜ የናዚ ደጋፊ የሆኑ የሃንጋሪ ታጣቂዎች ይዘው አስፈራርተዋቸዋል። ሲለቋቸው ተመልሰው ዳቦውን ማምጣት ቀጠሉ። ስታውብ እኚህን ሴት «ሁለተኛ እናቴ» ይሏቸዋል። ከሁለቱ፣ ከዲፕሎማቱና ከሠራተኛዋ፣ እኔ ደጋግሜ የማስበው ስለ ሠራተኛዋ ነው። ወረቀት የማደል ሥልጣን አልነበራቸውም። የነበራቸው የዳቦ ቅርጫት ነው።

ከጦርነቱ በኋላ ሃንጋሪ በኮሚኒስት አገዛዝ ሥር ወደቀች። በ1956 ሕዝባዊ ዐመፁ በሶቪየት ታንክ ሲደፈጠጥ ስታውብ የ18 ዓመት ወጣት ነበሩ። ወደ ቪየና ሸሹ። ከዚያ አሜሪካ ገቡ፤ ሚኒሶታ ተማሩ፤ ዶክትሬታቸውን በ1965 ከስታንፎርድ አገኙ፤ ሃርቫርድም አስተማሩ። ይህን በፍጥነት አልፈዋለሁ፤ ዋናው ጉዳይ ከዚያ በኋላ የጠየቁት ጥያቄ ነው። እንዲህ ያለ ልጅነት ያሳለፈ ሰው መጀመሪያ ስለ ገዳዮች ያጠናል ብዬ ጠብቄ ነበር። እሳቸው ግን የጀመሩት ከልጆች ነው። «ሰው ሲጮህ ተነስቶ የሚሄደው ማነው?» ብለው።

ጥናቱ ቀላል ነው። ልጁ አንድ ክፍል ውስጥ ተቀምጦ ሥዕል ይሥላል፤ ብቻውን ወይም ከጓደኛው ጋር። አጥኚዋ ትወጣለች። ትንሽ ቆይቶ ከጎን ካለው ክፍል አንድ ነገር ሲወድቅ ይሰማል፤ ከዚያ የልጅ ለቅሶ። ድምፁ የተቀረጸ ነው። ልጁ ግን ያን አያውቅም። ምን ያደርጋል?

ከመዋዕለ ሕፃናት እስከ ሁለተኛ ክፍል ድረስ የሚረዱት ልጆች ቁጥር እየጨመረ ሄደ። ይህ የሚጠበቅ ነው። ልጅ ሲያድግ የሌላው ሕመም ይገባዋል። ከዚያ በኋላ ግን ቁጥሩ ወረደ። ስድስተኛ ክፍል ሲደርሱ እንደ ሕፃናቱ ሆኑ። ጥንድ ጥንድ የነበሩት ትንንሾቹ ልጆች ደግሞ ብቻቸውን ከነበሩት ይበልጥ ተነስተዋል። ትንንሾች አያፍሩም፤ ሲፈሩ ይነጋገራሉ፤ «ምንድን ነው? እንሂድ?» ይባባላሉ።

ትልልቆቹ ለምን አልተነሱም? ስታውብ ጠየቋቸው። መልሱ የጭካኔ መልስ አይደለም። ሥራችንን ጥለን ብንሄድ ይቆጡናል ብለን ነው፤ የማናውቀው ክፍል መግባት አይፈቀድም ብለን ነው።

እዚህ ጋ መጽሐፉን ዘግቼ ተነሳሁ። ለምን እንደሆነ ልንገራችሁ።

የዛሬ ሦስት ዓመት ፈተና እየሰጠሁ ነበር። እንደ ወትሮው «ማንም ከቦታው እንዳይነሳ፣ ማንም እንዳያወራ» ብዬ ለአንድ ጉዳይ ለሁለት ደቂቃ ወጣሁ። ስመለስ ከኋላ መስመር አንዲት ልጅ ጠረጴዛዋ ላይ ተደፍታለች። መጀመሪያ የተኛች መሰለኝ። ራሷን ስታ ነው። ጎኗ ያለው ልጅ እርሳሱን ጨብጦ እሷን ያያል፤ እንባው በዓይኑ ሞልቷል። ውሃ ረጭተን፣ እግሯን ከፍ አድርገን ነቃች፤ ደህና ሆነች። ቁርስ ሳትበላ ነው የመጣችው። በኋላ ልጁን ለብቻው ጠርቼ «ለምን አልጠራህኝም?» አልኩት። እንደ ቁጣ ነበር የጠየቅኩት። ቀና ብሎ አየኝና «ቲቸር፣ ተነሱ አላሉንም» አለኝ።

ያን ቀን የልጁ ጥፋት መስሎኝ ነበር። ለሌሎች መምህራንም እንደዚያ ብዬ ነው ያወራሁት፤ የዛሬ ልጆች ለሰው አያስቡም እያልኩ። መጽሐፉን እስካነብ ድረስ እንደዚያ አምን ነበር።

ስታውብ እዚያ ላይ አላቆሙም። ሌላ ሙከራ አደረጉ። ለአንዳንዶቹ ልጆች አስቀድመው «እርሳስ ካለቀባችሁ ጎን ካለው ክፍል ገብታችሁ መውሰድ ትችላላችሁ» ተባለ። ስለ እርዳታ አንድ ቃል አልተነሳም፤ ስለ እርሳስ ብቻ ነው። ሌሎቹ መግባት ተከለከሉ። ለሦስተኛዎቹ ምንም አልተባለም። ለቅሶው ሲሰማ የተፈቀደላቸው ልጆች ከሌሎቹ በእጅጉ በልጠው ተነሱ። ምንም ያልተባሉት ግን እንደ ተከለከሉት ሆኑ። ይህን አንቀጽ ሦስት ጊዜ አንብቤዋለሁ። ልጅ ዘንድ ዝምታ ክልከላ ነው። እኔ «ሰው ቢታመም አትነሱ» ብዬ አላውቅም። ተነሱም ብዬ አላውቅም።

ለአዋቂዎችም ተመሳሳይ ሙከራ አለ። ሁለት ሰዎች አብረው ይቀመጣሉ፤ አንደኛዋ ከአጥኚው ጋር የተስማማች ናት። ከጎን ክፍል የጭንቀት ድምፅ ይሰማል። የተስማማችው ሴት «ምንም አይደለም፣ እኛን አይመለከተንም» ዓይነት ነገር ስትል ሌላዋ አብዛኛውን ጊዜ ቁጭ ትላለች። «ይህ ድምፅ ጥሩ አይደለም፣ አንድ ነገር ብናደርግ ይሻላል» ስትል ደግሞ ብዙዎች ይነሳሉ። ያው ክፍል፣ ያው ድምፅ፣ ያው ዓይነት ሰው። የተለወጠው አንድ ዓረፍተ ነገር ነው። ስታውብ ከዚህ ተነስተው ዕድሜያቸውን ሙሉ የተከተሉት ሐሳብ ዳር ቆሞ የሚያየው ሰው ያለው ኃይል ነው። ዝም ካላለ እኛ «ገላጋይ» የምንለው ሰው። ገላጋይ ሲጠፋ ጠበኞች ብቻ አይደሉም የሚጎዱት። ዝም ያለው ሰውም ከዚያ ቀን በኋላ ሌላ ሰው ይሆናል።

በመንገድ ላይ የተደረገም ሙከራ አለ። አንድ ሰው ታሞ እንደወደቀ ሆኖ ይተኛል። አንዳንድ አላፊዎች አንዴ አየት አድርገው ወዲያው ፊታቸውን ያዞሩና ዳግም ሳያዩ ያልፋሉ። ያቺን ፊት ማዞር አውቃታለሁ። እኔም አድርጌያታለሁ። ሁለተኛ ካየሁ መቆም አለብኝ፤ ስለዚህ ሁለተኛ አላይም። እኔ ልበ ደንዳና ስለሆንኩ ነው ብዬ አፍሬ ኖሬአለሁ። አሁንም አፍራለሁ፤ ግን እንዴት እንደሚሠራ ገብቶኛል። የሚቀጥለው ጊዜ ሁለተኛ አያለሁ።

ከልጆች ክፍል ወደ ዘር ማጥፋት የሚወስደው መንገድ ረጅም ይመስላል። ስታውብ ግን ድልድዩን በጥንቃቄ ሠርተውታል። በ1989 ያሳተሙት የክፋትን ሥር የሚመረምር መጽሐፍ አራት ታሪኮችን ይዟል፤ የናዚ ጀርመንን፣ በኦቶማን ቱርክ የአርመኖችን እልቂት፣ የካምቦዲያን፣ በአርጀንቲና ወታደራዊ አገዛዝ ዘመን ደብዛቸው የጠፋ ሰዎችን። የዚያ ሐሳብ ፍሬ ነገር በዚህኛውም ጥራዝ በሰፊው አለ። መነሻው ብዙ ጊዜ የኑሮ መክበድ ነው፤ የኢኮኖሚ ድቀት፣ የፖለቲካ ትርምስ፣ ፈጣን ለውጥ። ሰው ግራ ሲገባው ለችግሩ ተጠያቂ ይፈልጋል። ድሮም በክፉ ዓይን የሚታይ ቡድን ካለ ጣቱ ወደዚያ ይቀሰራል። አለቃ ያለውን ሁሉ የሚቀበል ባህል ካለ ደግሞ ይብሳል።

ከዚያ በኋላ ነገሩ ደረጃ በደረጃ ነው። ጀርመን ውስጥ በ1933 የአይሁድ ሱቆችን አትግዙ ተባለ። በ1935 የኑረምበርግ ሕጎች ዜግነታቸውን ነጠቁ። በ1938 ምኩራቦች ተቃጠሉ። በመሀል፣ በ1936፣ ዓለም በርሊን ሄዶ ኦሎምፒክ ተወዳደረ። በየደረጃው ዝም ያለው ሰው ቀጣዩን ደረጃ አቀለለው። «ሳይቃጠል በቅጠል» የምንለውን ስታውብ በማስረጃ ነው የሚያሳዩት። መጀመሪያ ላይ ጥቂት ድምፅ ብዙ ሊያስቆም ይችላል፤ ወደ መጨረሻው ግን ተራ ሰው ለማስቆም በጣም ይከብደዋል። በዚያው ጀርመን የአካልና የአእምሮ ጉዳተኞችን የመግደል ዘመቻ ቤተሰቦችና አንዳንድ የሃይማኖት አባቶች ሲቃወሙት በ1941 በይፋ ቆመ። በስውር ግን ቀጥሏል። የሆነ ሆኖ ያ አገዛዝ እንኳ የሕዝቡን ድምፅ ጨርሶ ጆሮ ዳባ ልበስ ብሎ ማለፍ አልቻለም።

ደግነትም እንደዚሁ ደረጃ በደረጃ ነው የሚያድገው። ከመጽሐፉ ሁሉ ልቤን ያሞቀው ይህ ነው። በናዚ ዘመን አይሁዶችን ከደበቁት ሰዎች ብዙዎቹ የጀመሩት አንድ ሰው ጠይቋቸው ነው። ለአንድ ሌሊት ብለው ያስገቡት ሰው ወራት ተቀመጠ። በጊዜ ብዛት ራሳቸውን «ሰው የማድን ሰው ነኝ» ብለው ማየት ጀመሩ። ስታውብ በልጆች ላይም ሞክረውታል። ለታመሙ ልጆች መጫወቻ የሠሩ፣ ታናናሾቻቸውን ያስተማሩ ልጆች በኋላም ለመርዳት ይበልጥ ዝግጁ ሆነው ተገኙ። ስብከት ብቻውን ልጅን ደግ አያደርግም። እጁ ላይ ሥራ መስጠት ነው። እኔ በየሳምንቱ ስለ መተሳሰብ ሳወራ ስንት ሰዓት እንዳጠፋሁ ሳስበው ይቆጨኛል።

የፖሊስ ሥልጠናው ክፍልም አለ። በ1991 የሎስ አንጀለስ ፖሊሶች ሮድኒ ኪንግ የተባለ ጥቁር አሜሪካዊ ሲደበድቡ ዙሪያውን ቆመው የሚያዩ ሌሎች ፖሊሶች ነበሩ። የካሊፎርኒያ የፖሊስ ሥልጠና አካል ስታውብን አማከራቸው። የእሳቸው መልስ ግልጽ ነው፦ ድርጊቱ ድብደባ ከመሆኑ በፊት ባልደረባው እጁን ይያዝ። ፖሊሶች ጓደኛን አለመክዳት ትልቅ ነገር ነው ይላሉ። ስታውብ ይህን አልናቁትም። ትርጉሙን ነው ያዞሩት። ጓደኛህ ጥፋት ውስጥ ሊገባ ሲል መያዝ፣ ሥራውንም ስሙንም ማዳን፣ ታማኝነት ማለት ይህ ነው አሉ። ሐሳቡ ከዓመታት በኋላ በኒው ኦርሊንስ የፖሊስ ሥልጠና ሆነ። በ2020 ጆርጅ ፍሎይድ ሚኒያፖሊስ ውስጥ በፖሊስ ጉልበት ሥር ሲሞት ሌሎች ሦስት ፖሊሶች እዚያው ነበሩ። በዚያው ዓመት ጆርጅታውን ዩኒቨርሲቲ ላይ ይህንኑ ሥልጠና ለብዙ የፖሊስ ተቋማት የሚሰጥ ፕሮጀክት ተጀመረ። መጽሐፉ በ2003 ስለሚቆም ከኒው ኦርሊንስ ወዲህ ያለው ይህ ሁሉ የለበትም።

ስለ ሩዋንዳም የሚያወራ ክፍል አለ። በ1994 በመቶ ቀን ገደማ ውስጥ ከግማሽ ሚሊዮን በላይ ሰው ተገደለ። ስታውብና ሎሪ አን ፐርልማን የተባሉ የሥነ ልቦና ባለሙያ ከ1990ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ እዚያ ሠርተዋል። የዘር ማጥፋት ከየት እንደሚመጣ ለሩዋንዳውያን ያስተምሩ ነበር። እንግዳ ይመስላል፤ በዓይኑ ላየ ሰው ምን ይነገረዋል? ነገር ግን በሌላም አገር፣ በሌላም ሕዝብ ላይ እንደደረሰ መስማታቸው ሸክሙን አቀለለላቸው። ከሰው ዘር ተለይተን የተረገምን አይደለንም ማለት ነው አሉ። ይህን ሳነብ ለረጅም ጊዜ ዝም ብዬ ተቀመጥኩ።

በኋላ፣ ከ2004 ጀምሮ፣ ይኸው ትምህርት «ሙሴኬዌያ» በሚባል የሬዲዮ ድራማ ቀረበ፤ ትርጉሙ «አዲስ ንጋት» ነው። ስለ ሁለት የተጣሉ መንደሮችና በመካከላቸው ስለሚዋደዱ ሁለት ወጣቶች ነው። ኤሊዛቤት ሌቪ ፓሉክ የተባለች ተመራማሪ ሥራውን ለአንድ ዓመት ፈትሻዋለች፤ ውጤቱን በ2009 አወጣች። የአድማጮቹ የግል እምነት ብዙ አልተለወጠም። የተለወጠው «እዚህ ሰፈር ምን ማድረግ ያስኬዳል?» የሚለው ግምታቸውና ባህሪያቸው ነው። እኔ እዚህ ላይ ያየሁት እንደገና የእርሳሱን ክፍል ነው። ሰዎቹ የፈለጉት ፈቃድ ነበር።

የመጽሐፉን ድካም ልናገር። አንደኛ፣ ይደጋግማል። በተለያየ ጊዜ የተጻፉ ጽሑፎች ስለሆኑ ያው ሐሳብ፣ አንዳንዴም ያው ምሳሌ፣ በአምስት ቦታ ይመጣል። ትዕግሥት ይፈልጋል። ሁለተኛ፣ አጻጻፉ የምሁር ነው። ስታውብ ታሪክ መንገር ይችላሉ፤ ስለ ማሪያ ሲጽፉ ይታያል። ግን ቶሎ ወደ ጽንሰ ሐሳብ ይመለሳሉ። ሦስተኛ፣ እና ይህ ነው የሚከብደኝ፣ ስለ ገዳዮች መንስኤ አንብቤ አንብቤ አንዳንድ ሌሊት ተገዳዮቹ የራቁኝ ይመስለኝ ነበር። መረዳት ይቅር ማለት እንዳልሆነ ጸሐፊው ይናገራሉ። ልክ ናቸው። ቢሆንም በየምዕራፉ መሀል የአንድ ሰው ስም፣ የአንድ ቤት ታሪክ ቢኖር ኖሮ ለእኔ ይሻል ነበር። ልብ ላመመው ወይም ሐዘን ላይ ላለ ሰው በአንዴ እንዲያነበው አልመክርም።

እንዴት ይነበብ? ከመጀመሪያው ገጽ ተነስታችሁ እስከ መጨረሻው አትሂዱ። መጀመሪያ ስለራሳቸው ሕይወት የጻፉትን አንብቡ። ከዚያ የልጆቹን ጥናቶች። መምህር ወይም ወላጅ የሆነ ሰው እዚያ ላይ ቢያቆምም ድካሙ ከንቱ አይቀርም። ከዚያ በኋላ ስለ ዳር ተመልካቾች የሚያወራውን፣ ከዚያ የፖሊሱን፣ በመጨረሻ የዘር ማጥፋቱን። እኔ በቅደም ተከተል ሄጄ መሀል ላይ ልተወው ነበር፤ እርሳሱም ያቆመው እዚያው አካባቢ ነው።

እኔ ክፍል ውስጥ የቀየርኩት አንድ ነገር ነው። በዓመቱ የመጀመሪያ ቀን ሕግ ስናወጣ ከ«አትረብሹ» እና ከ«አትዘግዩ» በፊት አንድ ሕግ እጽፋለሁ። ሰው ከተጎዳ ወይም ካለቀሰ እኔን ሳትጠይቁ መነሳት ትችላላችሁ። ዘንድሮ ስጽፈው አንድ ልጅ እጁን አወጣ።

«ቲቸር፣ ፈተና ላይም?»

«ፈተና ላይም» አልኩት።

«እርስዎ ከሌሉም?»

«እኔ ከሌለሁ ደግሞ ይበልጥ።»

በሁለተኛው ወር ላይ አንዲት ልጅ የሒሳብ ፈተና ጥላ ተነስታ፣ አፍንጫው የደማ ልጅ እየደገፈች ወደ ውጭ ስትወጣ አየኋት። በሩ ጋ ደርሳ ዞር ብላ አየችኝ። ራሴን ነቅንቄ እሺ አልኳት። ወረቀቷን ስትመለስ እንድትጨርሰው አሥር ደቂቃ ጨመርኩላት። መጽሐፉ አሁን ጎን ካለው ክፍል የምታስተምረው ጓደኛዬ ጋ ነው። ከልጆቹ ምዕራፍ ጀምሪ ብያታለሁ።